የኮንታክት ትምህርትና የተዘነጋው ቮልቴጅ

መግቢያ

የኤሌክትሪክ ዑደት በየደረጃው በሚሰጠው የፊዚክስ ትምህርት ውስጥ ሰፊ ስፍራ ያለው ርዕስ ነው። በዚሁ ርዕስ ሥር ሾርት ሰርኪዩት፣ በዕለት ተዕለት አነጋገር ደግሞ ኮንታክት እየተባለ የሚጠራው ክስተት ግን አብዛኛውን ጊዜ ከአንድ አንቀጽና ከአንድ ሥዕል ያለፈ ማብራሪያ ሲሰጠው አይታይም። መምህሩ ሽቦ ከሽቦ ጋር ሲነካካ ጅረት እንደሚበዛ፣ ጅረት ሲበዛ ሙቀት እንደሚፈጠር፣ ሙቀቱም እሳት እንደሚያስነሣ ይናገራል፤ ተማሪውም ይህንኑ በቃሉ ይዞ በፈተና ላይ ይመልሳል። ከዚያ በኋላ ትምህርቱ ወደሚቀጥለው ምዕራፍ ይሸጋገራል።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ይህ የተለመደ አቀራረብ ከክስተቱ ግማሹን ብቻ የሚያስተምር መሆኑን ማሳየት ነው። ኮንታክት በተፈጠረ ጊዜ ጅረቱ ከፍ ሲል ቮልቴጁ በዚያው ቅጽበት ይወድቃል። ሁለቱ ለውጦች የአንድ ክስተት ሁለት ገጽታዎች በመሆናቸው አንዱን ያለ ሌላው ማስረዳት አይቻልም። ስለ ጅረቱ ብቻ የተማረ ልጅ አምፑሉ ስለምን እንደጠፋ፣ ባትሪ ድንጋዩ ስለምን እንደሞቀ፣ የጎረቤት መብራት ስለምን ለአፍታ እንደፈዘዘ ሊያስረዳ አይችልም። ከሁሉም በላይ ፊውዝ አንዳንድ ጊዜ አደጋውን ሳያቆም የሚቀርበትን ምክንያት አያውቅም። ስለዚህ ጉዳዩ የፈተና ነጥብ ብቻ ሳይሆን የቤትና የንብረት ደኅንነት ጉዳይም ነው።

፩. የተለመደው አቀራረብና ጉድለቱ

በመማሪያ ክፍል ውስጥ ስለ ኮንታክት የሚነገረው ማብራሪያ በሁለት ዓረፍተ ነገሮች ሊጠቃለል ይችላል። የመጀመሪያው «ጅረት ምን ጊዜም ተቃውሞው ባነሰበት መንገድ ይሄዳል» የሚለው ነው። ሁለተኛው ደግሞ «ጅረት ማለት ቮልቴጅ ለተቃውሞ ሲካፈል የሚገኘው ውጤት ስለሆነ፣ ተቃውሞው ወደ ዜሮ ሲጠጋ ጅረቱ ወሰን የሌለው ይሆናል» የሚለው ነው። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ተቃውሞ የተባለው ሬዚስታንስ በሚለው ስሙም የሚታወቀው፣ በኦም የሚለካው ጠባይ ነው።

የመጀመሪያው አባባል በጥሬው ሲወሰድ ትክክል አይደለም። ጅረት ከሁለት መንገዶች አንዱን መርጦ ሌላውን የሚተው መንገደኛ አይደለም፤ በተከፈቱለት መንገዶች ሁሉ ይከፋፈላል። የክፍፍሉም መጠን ከየመንገዱ ተቃውሞ ጋር ተገላቢጦሽ ነው። ለዚህም ማስረጃ ፍለጋ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። በ220 ቮልት መስመር ላይ 60 ዋት የሚፈጅ አምፑል ሲበራ ተቃውሞው ወደ 807 ኦም ይሆናል። በዚያው ቤት 3,500 ዋት የሚፈጅ የኤሌክትሪክ ምጣድ ቢሰካ የምጣዱ ተቃውሞ ወደ 14 ኦም ብቻ ነው። ከአምፑሉ ጋር ሲነጻጸር ምጣዱ ከሃምሳ እጥፍ በላይ የቀለለ መንገድ ነው ማለት ነው። ይሁን እንጂ እንጀራ በሚጋገርበት ሰዓት የቤቱ መብራት አይጠፋም፤ ቢበዛ ጥቂት ይፈዝዛል። ጅረት ዘወትር የቀለለውን መንገድ ብቻ የሚከተል ቢሆን ኖሮ ምጣድ በተሰካ ቁጥር ቤቱ በጨለመ ነበር።

ሁለተኛው አባባል በሒሳብ ረገድ የተስተካከለ ይመስላል። ነገር ግን በውስጡ አንድ ያልተነገረ ግምት አለ፤ ይኸውም ተቃውሞው ምንም ያህል ቢቀንስ ቮልቴጁ ባለበት ይጸናል የሚል ነው። ይህ ግምት እውነት ቢሆን ኖሮ ከባትሪው ጋር የተያያዘው አምፑል ሽቦ በጎኑ ቢዘረጋም ባይዘረጋም ያንኑ ቮልቴጅ ስለሚያገኝ እንደበራ በቀረ ነበር። በተግባር የሚታየው ግን የዚህ ተቃራኒ ነው፤ ሽቦው በባትሪው ሁለት ጫፎች መካከል እንደተዘረጋ አምፑሉ ይጠፋል።

በመሆኑም ሁለቱ የተለመዱ አባባሎች እርስ በርሳቸው የሚጋጩ ናቸው። አንደኛው አምፑሉ ይጠፋል ይላል፤ ሁለተኛው ደግሞ አምፑሉን የሚያጠፋውን ምክንያት አስቀድሞ ያስወግዳል። ተማሪዎች በአንድ የትምህርት ክፍለ ጊዜ ሁለቱንም ሰምተው ተቃርኖውን ሳያስተውሉ ማለፋቸው የሚያስገርም አይደለም፤ ተቃርኖውን የሚገልጸው ቃል፣ ማለትም የቮልቴጅ መውደቅ፣ በማብራሪያው ውስጥ ጨርሶ አልተነሣምና።

፪. ከኦም ሥራ የተቀነሰው

ከላይ የተመለከተው ጉድለት የኦም ሕግ ጉድለት ተደርጎ ሊወሰድ አይገባም። ጌዎርግ ሲሞን ኦም ሕጉን ያገኘው በጀርመን አገር በኮሎኝ ከተማ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ያስተምር በነበረበት ዘመን ነው። እ.ኤ.አ. በ1826 ባደረገው ሙከራ ርዝመታቸው የተለያየ የመዳብ ሽቦዎችን እያፈራረቀ በዑደት ውስጥ በማስገባት የጅረቱን መጠን ለካ። በጊዜው የነበሩት ባትሪዎች ኃይላቸው ቶሎ ቶሎ ይለዋወጥ ስለነበር፣ ፖገንዶርፍ የተባለው የፊዚክስ ሰው በሰጠው ምክር መሠረት፣ ከቢስሙትና ከመዳብ የተሠራ ቴርሞካፕል በምንጭነት ተጠቀመ። አንዱ መጋጠሚያ በፈላ ውኃ፣ ሌላው በበረዶ ስለተያዘ ምንጩ የጸና ሆነለት። ውጤቱንም አስፋፍቶ በ1827 በበርሊን ባሳተመው መጽሐፍ አቀረበ።

ኦም ከመለኪያው ያገኘው ቀመር ዛሬ በየሰሌዳው ከሚጻፈው አጭር ቀመር አንድ ነገር ይበልጣል። በኦም አጻጻፍ የጅረቱ መጠን የሚገኘው የምንጩ ኃይል ለሁለት ነገሮች ድምር ሲካፈል ነው። አንደኛው የሚመረመረው ሽቦ ርዝመት ሲሆን፣ ሁለተኛው የተቀረውን ዑደት፣ ምንጩን ጭምር፣ የሚወክል የማይለወጥ ቁጥር ነው። የሽቦው ርዝመት ዜሮ ቢሆን እንኳ ሁለተኛው ቁጥር በአካፋይነት ስለሚቀር ጅረቱ ወሰን አለው።

በሌላ አነጋገር ኮንታክት ምን ያህል ጅረት እንደሚያስከትል የሚያመለክተው ቁጥር በሕጉ የመጀመሪያ መልክ ውስጥ ይገኝ ነበር። ትምህርትን ለማቅለል ሲባል ቀመሩ ሲያጥር የወጣው ይኸው የምንጩ የራሱ ተቃውሞ ነው። አምፑልና መጠነኛ ተቃውሞ ባለበት ዑደት ይህን መተው ብዙም አይጎዳም። ኮንታክት ግን የውጭው ተቃውሞ ከምንጩ ተቃውሞ የሚያንስበት ሁኔታ ስለሆነ፣ የተተወው ቁጥር ዋነኛው ቁጥር ይሆናል። አጭሩ ቀመር ከሁሉ ይልቅ በማይሠራበት ስፍራ ላይ መጠቀም የተለመደ መሆኑ ሊታረም የሚገባው ነው።

፫. በአንድ ባትሪ ድንጋይ ሲታይ

ነገሩን በቁጥር ማየቱ ለመምህራን ይጠቅማል። ሙሉ ቮልቴጁ 1.5፣ ውስጣዊ ተቃውሞው 0.5 ኦም የሆነ አንድ ባትሪ ድንጋይ ይወሰድ። በርቶ ሳለ ተቃውሞው 5 ኦም የሆነ የእጅ ባትሪ አምፑልም ይያያዝበት። ስሌቱን ለማቅለል የአምፑሉ ተቃውሞ አይለወጥም ተብሎ ይታሰብ። አምፑሎቹ ጎን ለጎን እየተጨመሩ ሲሄዱ በባትሪው ጫፎች ላይ የሚገኘው ውጤት እንደሚከተለው ነው፦

ምንም ሳይያያዝ፦ ጅረት 0፤ ቮልቴጅ 1.5።
አንድ አምፑል፦ ጅረት 0.27 አምፔር፤ ቮልቴጅ 1.36።
ሁለት አምፑሎች፦ ጅረት 0.5 አምፔር፤ ቮልቴጅ 1.25።
አምስት አምፑሎች፦ ጅረት 1 አምፔር፤ ቮልቴጅ 1።
ዐሥር አምፑሎች፦ ጅረት 1.5 አምፔር፤ ቮልቴጅ 0.75።
አንድ አምፑልና ተቃውሞው 0.05 ኦም የሆነ ሽቦ፦ ጅረት 2.73 አምፔር፤ ቮልቴጅ 0.135።

ከዚህ ዝርዝር ሦስት ነገሮችን መገንዘብ ይቻላል። አንደኛ፣ አንድ አምፑል ብቻ ከነበረበት ሁኔታ ወደ ኮንታክት ሲታለፍ ጅረቱ ዐሥር እጥፍ ያህል ይጨምራል፤ ቮልቴጁ ደግሞ ወደ ዐሥረኛ እጁ ይወርዳል። ሽቦው ፍጹም ተቃውሞ የሌለው ቢሆን እንኳ ጅረቱ ከ3 አምፔር አይበልጥም፤ በዚያን ጊዜ በጫፎቹ ላይ የሚቀረው ቮልቴጅ ዜሮ ነው። የባትሪውን ውስጣዊ ተቃውሞ በመዘንጋት የሚደረገው የተለመደ ስሌት ግን ለዚሁ ሽቦና አምፑል 30 አምፔር ያህል ይሰጣል። ይህ ከእውነተኛው ዐሥራ አንድ እጥፍ የተጋነነ ነው።

ሁለተኛ፣ አምፑሉ የሚጠፋው ሽቦው ጅረቱን «ስለቀማው» አይደለም። በአምፑሉ ውስጥ የሚያልፈው ጅረት ከ0.27 ወደ 0.027 አምፔር የወረደው በጫፎቹ ላይ ያለው ቮልቴጅ ስለወደቀ ነው። ባትሪው በተፈለገው መጠን ጅረት ማቅረብ ቢችልና ቮልቴጁ ባይወድቅ ኖሮ፣ ምጣድ ባለበት ቤት መብራት እንደማይጠፋ ሁሉ፣ ይህም አምፑል ባልጠፋ ነበር።

ሦስተኛ፣ የጠፋው ቮልቴጅ የት እንደገባ መጠየቅ ተገቢ ነው። በኮንታክቱ ጊዜ ከ1.5 ቮልት ውስጥ 1.365 የሚሆነው በባትሪው ውስጥ ይቀራል። በዚህም ምክንያት በባትሪው ውስጥ 3.73 ዋት፣ በሽቦው ላይ 0.36 ዋት ያህል ሙቀት ይፈጠራል፤ ለአምፑሉ የሚተርፈው ከ0.004 ዋት ያነሰ ነው። ተማሪው እጁን በባትሪ ድንጋዩ ላይ ሲያሳርፍ የሚሰማው ሙቀት የዚህ ማስረጃ ነው። «ኮንታክት ሽቦን ያሞቃል» የሚለው ሐረግ ብቻ ሲነገር ይህ ሙቀት ያለ ማብራሪያ ይቀራል።

ከዚህ ጋር የምንጮችን ልዩነት ማንሣት ይገባል። የመኪና ባትሪ 12 ቮልት ብቻ ያለው በመሆኑ በእጅ ቢነካ ብዙ ጊዜ ጉዳት አያደርስም፤ ነገር ግን ውስጣዊ ተቃውሞው እጅግ አነስተኛ ስለሆነ በሁለቱ ጫፎቹ መካከል የወደቀ የብረት ቁልፍ በመቶዎች የሚቆጠር አምፔር ሊያሳልፍና ሊግል ይችላል። አደጋውን የሚወስነው የቮልቴጁ ቁጥር ብቻ ሳይሆን ምንጩ ቮልቴጁን ሳይጥል ምን ያህል ጅረት ለመስጠት መቻሉም ጭምር ነው።

፬. የተማሪዎች ግንዛቤ በጥናት ሲታይ

የዚህ ጉድለት ውጤት በሌሎች አገሮች በተደረጉ ጥናቶች ላይ በግልጽ ተመልክቷል። ኮኸን፣ ኤይሎንና ጋኒኤል የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1983 ባሳተሙት ጥናት ለሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎችና ለፊዚክስ መምህራን ስለ ቀላል ዑደቶች ጥያቄዎችን አቅርበው ነበር። በተማሪዎቹ አስተሳሰብ ቀዳሚውን ስፍራ የያዘው ጅረት ሲሆን፣ ቮልቴጅ የጅረት መነሻ ሳይሆን የጅረት ውጤት ተደርጎ ታይቷል። ባትሪም ምን ጊዜም አንድ ዓይነት ጅረት የሚሰጥ ምንጭ ተደርጎ ተወስዷል። ውስጣዊ ተቃውሞ የሚለውም ጽንሰ ሐሳብ በሚገባ አልተጨበጠም። ማክደርሞትና ሻፈርም እ.ኤ.አ. በ1992 እንዳመለከቱት፣ የአምስት አምፑሎችን ድምቀት በቅደም ተከተል እንዲያስቀምጡ ከተጠየቁት የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች መካከል በትክክል የመለሱት ወደ 15 በመቶ ብቻ ነበሩ።

ባትሪ የማይለዋወጥ ጅረት ይሰጣል የሚለው እምነት በኮንታክት ትምህርት ላይ ምን እንደሚያስከትል ለማየት አንድ ጥያቄ በቂ ነው። ሁለት ተመሳሳይ ባለ 5 ኦም አምፑሎች በተከታታይ ተያይዘው 3 ቮልት ከሚሰጥ ብርቱ ምንጭ ጋር ቢገናኙ፣ በአንደኛው አምፑል ጎንም ሽቦ ቢዘረጋ፣ የሌላኛው ድምቀት ምን ይሆናል? ባትሪው ቋሚ ጅረት ይሰጣል ብሎ የሚያምን ተማሪ ምንም ለውጥ አይኖርም ይላል። «ጅረት በቀለለው መንገድ ይሄዳል» የሚለውን የያዘ ተማሪ ሽቦ የተዘረጋበት አምፑል መጥፋቱን በትክክል ይናገራል፤ ስለ ሁለተኛው ግን የሚለው ነገር የለውም። ትክክለኛው መልስ ግን ቮልቴጅን ተከትሎ ይመጣል። ቀድሞ ለሁለቱ እኩል ይከፋፈል የነበረው 3 ቮልት አሁን በሙሉ በቀረው አምፑል ላይ ያርፋል፤ ጅረቱም ከ0.3 ወደ 0.6 አምፔር ያድጋል፤ አምፑሉም በጣም ይደምቃል፣ ከአቅሙ በላይ ከሆነም ይቃጠላል። በዚህ ዓይነቱ ኮንታክት ጅረቱ በእጥፍ ብቻ መጨመሩና እሳትም ፍንዳታም አለመኖሩ ክስተቱን ከአደጋ ዜና ለይቶ በሕጉ ለማየት ይረዳል።

በዚህ ረገድ እንግልሃርትና ባይክነር እ.ኤ.አ. በ2004 ያሳተሙት «ዳይሬክት» የተባለው መመዘኛ ልዩ ትኩረት ይገባዋል። ሃያ ዘጠኝ የምርጫ ጥያቄዎች ያሉት ይህ መመዘኛ በስሌት ሳይሆን በግንዛቤ ላይ የተመሠረተ በመሆኑ፣ ተማሪው ቀመር ሳይሞላ እንዲያስብ ያስገድደዋል። ከአንድ ሺህ በላይ ለሆኑ የሁለተኛ ደረጃና የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ተሰጥቶ አማካይ ውጤታቸው ግማሽ አለመሙላቱ ችግሩ በአንድ አገር ወይም በአንድ ደረጃ የተወሰነ አለመሆኑን ይመሰክራል። ለአገር ውስጥ የፈተና አዘጋጆችም በአርአያነት ሊያገለግል የሚችል ሥራ ነው።

ሆኖም መመዘኛው ስለ ሾርት ሰርኪዩት ያስቀመጠው ዓላማ በመሠረቱ የበለጠው ጅረት ተቃውሞው ባነሰው መንገድ እንደሚሄድ ማወቅን የሚመለከት ነው። «የበለጠው» የሚለው ቃል መጨመሩ ከተለመደው አባባል የተሻለ ያደርገዋል፤ ነገር ግን የቮልቴጁን ዕጣ አሁንም አያነሣም። ከዚህም ሌላ በመመሪያው ላይ ባትሪው ውስጣዊ ተቃውሞ እንደሌለው፣ ሽቦዎቹም ተቃውሞ እንደሌላቸው እንዲታሰብ ተደርጓል። ሽቦ በአንድ አምፑል ጎን ሲዘረጋና ሌላ አምፑል በተከታታይ ሲኖር በዚህ ግምት መሥራት ይቻላል። ሽቦው በቀጥታ በባትሪው ጫፎች መካከል ከተዘረጋ ግን ግምቱ ራሱን ያፈርሳል፤ በሽቦው ላይ ያለው ቮልቴጅ በአንድ ወገን ዜሮ፣ በሌላ ወገን የባትሪው ሙሉ ቮልቴጅ መሆን አለበትና። ለመመዘኛ ሲባል ነገርን ማቅለል የተፈቀደ ነው። ሊጠነቀቁበት የሚገባው የመመዘኛውን ግምት ወስዶ የትምህርቱ ይዘት ማድረግን ነው።

፭. «ኮንታክት» የሚለው ቃልና አደጋው

ሌላው ሊመረመር የሚገባው ጉዳይ የቃሉ አጠቃቀም ነው። በአማርኛ ኮንታክት የሚለው ቃል በሰፊው ሥር የሰደደ ስለሆነ ከትምህርት ቤት ለማስወጣት መሞከር አይጠቅምም። ችግሩ ቃሉ ከኤሌክትሪክ ጋር ለተያያዘ አደጋ ሁሉ መጠሪያ መሆኑ ነው። ቤት ሲቃጠል፣ ሶኬት ሲጠቁር፣ የብረት ዕቃ ሲነዝር፣ ሽቦ ሲቀልጥ ምክንያቱ ኮንታክት ነው ይባላል። በሁለተኛ ደረጃ ትምህርቱን በእንግሊዝኛ የሚከታተለው ተማሪ ሾርት ሰርኪዩት የሚለውን ስም ከመጽሐፍ ሲያገኝ፣ ከቤቱ ይዞት የመጣውን ሰፊ ትርጉም ሳያጠብ ይለብጥበታል።

በዚህ አንድ ቃል ሥር የተሸፈኑት ክስተቶች ግን ቢያንስ ሦስት ናቸው። የመጀመሪያው እውነተኛው ኮንታክት ነው፤ ሁለት ሽቦዎች ያለ ዕቃ ተገናኝተው የውጭው ተቃውሞ እጅግ ይቀንሳል። ሁለተኛው ከአቅም በላይ ጭነት ነው፤ ምጣድ፣ ምድጃና የውኃ ማሞቂያ በአንድ ቀጭን መስመር ላይ ሲሰኩ ሽቦው ከሚችለው በላይ ጅረት ይሸከማል። ሦስተኛው የላላ መጋጠሚያ ነው። ይህ በጠባዩ ከኮንታክት ተቃራኒ ነው፤ በላላው ስፍራ ተቃውሞ ይጨምራል እንጂ አይቀንስም። ምጣድ የሚስበው 15 አምፔር ያህል ጅረት 1 ኦም ተቃውሞ ባለው የላላ ስፒና ውስጥ ቢያልፍ፣ በዚያች ጠባብ ስፍራ 225 ዋት ሙቀት ይፈጠራል። ጅረቱ ግን ከወትሮው ስለማይበልጥ፣ እንዲያውም ጥቂት ስለሚያንስ፣ ፊውዙ ምንም አያውቅም። «ኮንታክት ስለሆነ ፊውዝ ያድነኛል» ብሎ የተማረ ሰው በዚህ አደጋ ፊት ጥበቃ የለውም።

በእውነተኛው ኮንታክትም ቢሆን የቮልቴጁን ስርጭት ሳያውቁ ስለ ፊውዝ መናገር ያሳስታል። የመስቀለኛ ስፋቱ 1.5 ሚሊሜትር ካሬ የሆነ የመዳብ ሽቦ በአንድ ሜትር 0.0113 ኦም ያህል ተቃውሞ አለው። ከቆጣሪው 50 ሜትር ርቆ ኮንታክት ቢፈጠር፣ ሄዶ መልሱ 100 ሜትር ስለሆነ የሽቦው ተቃውሞ ወደ 1.13 ኦም ይደርሳል። ሌላውን ተቃውሞ ብንተወው እንኳ 220 ቮልት ለዚህ ሲካፈል ጅረቱ 195 አምፔር ገደማ ነው። ይህ ለተራ የቤት ፊውዝ ከበቂ በላይ ስለሆነ ፊውዙ ወዲያው ይቀልጣል። ቮልቴጁም በሙሉ በመስመሩ ላይ ይወድቃል።

መስመሩ ቀጭንና ረጅም ሲሆን ግን ውጤቱ ይለወጣል። የመስቀለኛ ስፋቱ 0.5 ሚሊሜትር ካሬ በሆነ ሽቦ 150 ሜትር ርቀት ላይ መብራት ቢሳብ፣ የሄዶ መልሱ ተቃውሞ ከ10 ኦም ጥቂት ይበልጣል። በመጨረሻው ጫፍ ላይ ሁለቱ ሽቦዎች ቢነካኩ የሚያልፈው ጅረት ወደ 22 አምፔር ብቻ ነው። በቆጣሪው ላይ ያለው ፊውዝ ባለ 25 አምፔር ከሆነ አይቀልጥም። በመስመሩ ላይ ግን 4,700 ዋት ያህል ሙቀት ያለማቋረጥ ይፈጠራል። ሽቦው በተጠቀለለበት ወይም ከጣሪያ እንጨት ጋር በተጠጋበት ስፍራ ይህ ሙቀት ልባሱን ሊያቀልጥና እሳት ሊያስነሣ ይችላል። እንግዲህ «ኮንታክት ካለ ፊውዝ ይቃጠላል» የሚለው ትምህርት የተሟላ አይደለም፤ የተቃጠለውን ፊውዝ በወፍራም የመዳብ ሽቦ የመተካት ልማድ ሲጨመርበት ደግሞ የጥበቃው ዘዴ ፈጽሞ ይፈርሳል።

፮. ለክፍል የሚስማማ አቀራረብ

ከላይ ለተመለከቱት ጉድለቶች መፍትሔው አዲስ ምዕራፍ መጨመር አይደለም፤ ያለውን ቅደም ተከተል ማስተካከል ነው። ኮንታክት ከሌሎች ዑደቶች የተለየ እንግዳ ነገር ሆኖ መቅረቡ ቀርቶ፣ አምፑሎችን ጎን ለጎን በመጨመር የሚጀመር ሙከራ የመጨረሻ ደረጃ ሆኖ ቢቀርብ ይመረጣል።

ለዚህም የሚያስፈልጉት አንድ ወይም ሁለት ባትሪ ድንጋይ፣ ጥቂት የእጅ ባትሪ አምፑሎች፣ ሽቦና ከተቻለ አንድ የቮልቴጅ መለኪያ ናቸው። አምፑሎቹ ባለ ክር ቢሆኑ ይሻላል። አሁን የተስፋፋው ነጭ ኤልኢዲ መብራት ለመብራት 3 ቮልት ያህል ስለሚፈልግና ድምቀቱም ቮልቴጁን በቀጥታ ስለማይከተል ለዚህ ሙከራ አይመችም። መለኪያ በሌለበት ትምህርት ቤት የመጀመሪያው አምፑል ራሱ እንደ መለኪያ ያገለግላል፤ ሌሎች አምፑሎች በተጨመሩ ቁጥር እየፈዘዘ መሄዱ የጫፎቹ ቮልቴጅ መውረዱን ያሳያልና።

አካሄዱ እንደሚከተለው ሊሆን ይችላል። በመጀመሪያ ተማሪዎች ሁለተኛው አምፑል ሲጨመር የመጀመሪያው ምን እንደሚሆን አስቀድመው ይገምታሉ፤ ግምታቸውንም በደብተር ይጽፋሉ። ከዚያ ያያይዛሉ፣ ይመለከታሉ፣ ይመዘግባሉ። በየደረጃው የሚጠየቀው ጥያቄ «ጅረቱ ምን ሆነ?» ብቻ ሳይሆን «ቮልቴጁስ ምን ሆነ? የቀረው የት ነው?» የሚል ይሆናል። በመጨረሻ መምህሩ አጭር ሽቦ ከሦስት ሰከንድ ላልበለጠ ጊዜ በጫፎቹ መካከል ያሳርፋል፤ አምፑሉ ሲጠፋ መለኪያውም ወደ ዜሮ ሲጠጋ ይታያል። ይህ ሙከራ በባትሪ ድንጋይ ብቻ የሚደረግ ነው። በመኪና ባትሪ፣ በስልክ ባትሪ ወይም በግድግዳ ሶኬት ፈጽሞ መሞከር የለበትም፤ ምክንያቱም በእነዚህ ምንጮች የቮልቴጁን መውደቅ የሚያስከትለው ተቃውሞ አነስተኛ ስለሆነ ጅረቱ አደገኛ ደረጃ ላይ ይደርሳል። የክልከላው ምክንያት ራሱ የትምህርቱ አካል ሆኖ ሊብራራ ይገባል።

ውስጣዊ ተቃውሞ ለጀማሪ ተማሪ የከበደ ነው የሚል ተቃውሞ ሊነሣ ይችላል። በቀመር መልክ ሲቀርብ ይህ አስተያየት እውነትነት አለው። ይሁንና ጀማሪው ተማሪ ቀመር አያስፈልገውም፤ ባትሪም እንደ ሽቦ የራሱ ተቃውሞ እንዳለው፣ ብዙ ጅረት ሲጠየቅ ከቮልቴጁ ከፊሉን ለራሱ እንደሚያስቀር ቢያውቅ ይበቃዋል። ይህም ምጣድ ሲሰካ መብራት ጥቂት እንደሚፈዝዝ በቤቱ ላየ ልጅ እንግዳ ነገር አይደለም። ስሌቱ በላይኛው ክፍል ሊከተል ይችላል።

የጊዜ እጥረትም እንደ እንቅፋት ሊቆጠር ይችላል። ነገር ግን የተጠቀሰው ሙከራ የጎን ለጎን አያያዝን ለማስተማር ከተመደበው ክፍለ ጊዜ ጋር የሚዋሃድ እንጂ በላዩ የሚደረብ አይደለም። የፈተና አዘጋጆችም በበኩላቸው «ቮልቴጅ 12፣ ተቃውሞ 0 ቢሆን ጅረቱ ስንት ነው?» የመሰለውን መልስ የለሽ ጥያቄ ትተው፣ ሽቦ ሲዘረጋ የትኛው አምፑል እንደሚደምቅ፣ የትኛው እንደሚጠፋ፣ ምክንያቱም ምን እንደሆነ የሚጠይቁ ጥያቄዎችን ቢያበዙ መምህሩ በዚያው አቅጣጫ ያስተምራል።

ማጠቃለያ

ኮንታክት የጅረት መብዛት ብቻ ሳይሆን የቮልቴጅ መውደቅም ነው። ጅረቱ ምን ያህል እንደሚበዛ የሚወስነው በምንጩና በመስመሩ ውስጥ ያለው ተቃውሞ ሲሆን፣ የወደቀው ቮልቴጅ የሚገኘውም በዚያው ነው። ኦም በ1826 ይህን በመለኪያ ደርሶበት ነበር፤ የትምህርት ቤቱ አጭር ቀመር ግን አስቀርቶታል። በተለያዩ አገሮች የተደረጉት ጥናቶችም ተማሪዎች ቮልቴጅን የጅረት ተከታይ አድርገው እንደሚያዩ አረጋግጠዋል።

ስለዚህ የመማሪያ መጻሕፍት አዘጋጆች ስለ ኮንታክት በሚጽፉት አንቀጽ ውስጥ ሁለቱንም መጠኖች ጎን ለጎን እንዲያነሡ፣ «ጅረት በቀለለው መንገድ ይሄዳል» የሚለውን አባባል «ጅረት በመንገዶቹ ሁሉ ይከፋፈላል» በሚለው እንዲተኩ፣ በኮንታክት፣ ከአቅም በላይ በሆነ ጭነትና በላላ መጋጠሚያ መካከል ያለውንም ልዩነት በግልጽ እንዲያስቀምጡ ያስፈልጋል። የመምህራን ማሠልጠኛ ተቋሞችም ዕጩ መምህራን ከመመረቃቸው በፊት ከላይ የተገለጸውን ሙከራ በገዛ እጃቸው እንዲያከናውኑ ቢያደርጉ ይጠቅማል። የሚያስፈልገው ወጪ የጥቂት ባትሪ ድንጋዮችና አምፑሎች ዋጋ ነው። በአንጻሩ የላላ ስፒናና በወፍራም ሽቦ የተተካ ፊውዝ የሚያስከትሉት ጥፋት በቤተሰብ ሀብትና በሰው ሕይወት የሚተመን ነው።